ወደ ውስጥ የሚፈታ ቋጠሮ

ካልጋሪ፣ ሳድል ሪጅ
ኅዳር 9 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጄ ለረሂማ ሸምሰዲን፣

ይህ ወረቀት ብርዱ ሳይጠናብሽ፣ ትምህርቱም ሳይከብድሽ ይድረስሽ። እኔና ሞላልኝ በሕይወት አለን። ደህና ነን ብዬ ግን አልዋሽሽም።

በስልክ የላክሽውን መልእክት አይቻለሁ። ስለ ሰማያዊው ደብተር ለጠየቅሽኝ መልስ አለኝ፤ ዛሬ ግን አልጽፈውም። መጀመሪያ የእኔ ጥያቄ ይቀድማል።

ለምን ደብዳቤ ትዪኝ ይሆናል። አራት ጊዜ ደውዬልሽ አላነሳሽም። አልተቀየምኩሽም፤ ብታነሺም አይሆንም ነበር። በስልክ እኔ አለቅሳለሁ፣ አንቺም ታለቅሻለሽ፣ ነገሩ ሳይነሳ «በይ ቻው» ተባብለን እንዘጋለን። እየጻፍኩ ግን ማልቀስ አልችልም። እጄ ቀርፋፋ ነው፤ አንዱን ቃል እስክጨርስ እንባው ይደርቃል። አንቺም ማንበቡን ታውቂበታለሽ። ቅዳሜ ቅዳሜ እታች ምድር ቤቱ፣ ቤዝመንት ውስጥ አንቺንና ቴዎፍሎስን ጎን ለጎን አስቀምጬ ፊደል ያስቆጠርኳችሁ እኔው ነኝ። ከስምንተኛ ክፍል ያላለፈች አስተማሪ ነበርኩ፤ ቢሆንም ተማራችሁ።

ልጄ ቴዎፍሎስ ካረፈ ዘጠኝ ወር ተኩል ሆነው። የሆነውን በቅደም ተከተል ልንገርሽ።

የዚያን ቀን ሆስፒታል ውስጥ ከእሱ ጋር ብቻዬን ሲተዉኝ አንሶላውን ገለጥኩ። አንገቱ ላይ ማተብ የለም። ረሂማ፣ የልጄን ማተብ በየዓመቱ ለጥምቀት የምቀይርለት እኔ ነኝ፤ አሮጌውን እፈታለሁ፣ አዲሱን አስራለሁ፣ ትንሿን የብር መስቀል ከአሮጌው ወደ አዲሱ አሻግራለሁ። የመጨረሻውን ካሰርኩለት ገና ሁለት ሳምንቱ ነበር። በራሱ የሚፈታ ቋጠሮ አይደለም። ለአባቱ ለሞላልኝ አልነገርኩትም። ለማንም አልነገርኩም።

ከዚያ ቦርሳውን ስከፍት ደብተሩን አገኘሁት። ከእሱ ጋር በትንሽ ከረጢት ብዙ ጎን ያላቸው ጠጠሮች ነበሩ፤ አንዱን ብቆጥረው ሃያ ጎን አለው። ጠጠር ጣይ እናቴ ሰፈር ስለነበረ ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። በእረፍት ሰዓቴ፣ አየር ማረፊያው ውስጥ እኛ የጽዳት ሠራተኞች ከምንቀመጥባት ክፍል ሆኜ፣ እንግሊዝኛውን በመዝገበ ቃላት እየፈለግሁ አሥራ ሁለት ገጽ አነበብኩ። ኢሹማ የምትባል አምላክ አለች ይላል። መፍረስ ቅዱስ ነው ይላል። ከሁሉ በፊት ትርምስ ነበር፣ ወደ ትርምስም እንመለሳለን ይላል። ካህናቷ አንገታቸው ላይ ሰባት ቋጠሮ ያለው ክር ያስራሉ፤ ቋጠሮውን አንድ በአንድ እየፈቱ ይኖራሉ ይላል። እዚያ ላይ ስደርስ የልጄ ባዶ አንገት ፊቴ ላይ መጣ።

ጥያቄዬ ይህ ነው፦ ልጄ ማተቡን ለዚህች ነገር ብሎ በገዛ እጁ ፈትቶታል? ጥር 25 ሙት ዓመቱ ነው። አባ ኪራኮስ ክርስትና ስሙን ሲጠሩ እኔ ምን ብዬ እንደምቆም ማወቅ አለብኝ። አዎ ከሆነም አዎ በይኝ። ከማላውቀው ነገር ጋር መኖር ነው ያቃተኝ እንጂ ካወቅሁት ጋር መኖር እችላለሁ።

አስተማሪሽ
ምሥራች


ሃሊፋክስ
ዲሴምበር 2, 2023

ውድ እትዬ ምሥራች፣

እንደምን ነዎት? ጋሼ ሞላልኝስ? ጉልበትዎን ተሻለዎት? አባዬ በረዶ ሲጠርጉ አየኋቸው ብሎኛል፤ እባክዎ እሱን ይጥሩት እንጂ እርስዎ አይጥረጉ።

ፊደሌ አስቀያሚ ስለሆነ ይቅርታ። አንዳንዱን ቃል አባዬን በስልክ እየጠየቅሁ ነው የጻፍኩት። ለማን እንደምጽፍ ያውቃል፤ ምን እንደምጽፍ አያውቅም።

እትዬ፣ ኢሹማ የምትባል አምላክ የለችም። ቴዎ ነው የፈጠራት። ጌም ነው። እኔ፣ ቴዎ፣ ናሆሚና ሩቤን አራት ሆነን ጠረጴዛ ዙሪያ እንቀመጣለን፤ ቴዎ ታሪኩን ያወራል፤ እኛ ታሪኩ ውስጥ ያሉትን ሰዎች እንሆናለን። «አሁን ምን ታደርጊያለሽ?» ይለኛል፤ እኔ እመልሳለሁ። ከባድ ነገር ከሆነ ይሳካ አይሳካ የሚለውን ዳይስ ይወስናል። ጠጠሮቹ ዳይስ ናቸው። ሱቅ ነው የሚሸጡት፤ እኔ ነኝ የገዛሁለት።

ሃይማኖቱን የጀመረው ግሬድ ኢለቨን እያለን ነው። ለናሆሚ ትንሽ ወንድም እናንተ ጓሮ የበረዶ ቤት ሠራን፤ ሦስት ቀን ፈጀብን። ከዚያ ቺኑክ መጣ። ከተራራው በኩል ያ ሞቃት ነፋስ ሲነፍስ ጠዋት የነበረው ቤት ከሰዓት በኋላ ውሃ ሆነ። ልጁ አለቀሰ። ቴዎ ግን ቁጭ ብሎ ሲያየው ዋለና «ይህን ነፋስ የሚያመልኩ ሰዎች ቢኖሩ በሕይወታቸው አንድ ቀን አያዝኑም ነበር» አለ። በማግስቱ አምስት ገጽ ጽፎ መጣ።

ኢሹማ ያቺ ነፋስ ናት። ቤተ መቅደሷ በየክረምቱ ወንዝ ላይ ከበረዶ ይሠራል፣ ይቀልጣል፣ እንደገና ይሠራል። ዋናው ቃላቸው «ቅርጽ ሁሉ እንግዳ ነው» የሚል ነው። እንግዳን ማስቀረት አይቻልም፤ መሸኘት ግን ይቻላል። ስለዚህ ካህናቷ «ሸኚዎች» ነው የሚባሉት። የሚፈርስ ነገር ካለ ብቻውን እንዳይፈርስ አጠገቡ ይቆማሉ። ሥራቸው ይኸው ነው።

እኔ ጌሙ ውስጥ ቤተ መቅደሱን አፍርሺ ተብላ የተላከች ወታደር ነበርኩ። አምስት ዓመት ሞከርኩ። ማፍረስ አልቻልኩም፤ ሳፈርሰው ደስ ይላቸዋል፣ ያጨበጭባሉ። ናሆሚ ነጋዴ ናት። ሩቤን ሰባት ጊዜ ሞቷል፤ ቸኩሎ ነው ሁልጊዜ።

እትዬ፣ ደብተሩን እባክዎ አይጣሉት። ለአባዬ ቢሰጡት ይልክልኛል። አሁን ፈተና አለብኝ፤ የነርሲንግ ትምህርት ሁለተኛው ዓመት ከባድ ነው። ሌላውን በኋላ እጽፋለሁ።

አክባሪዎ
ረሂማ


ካልጋሪ
ታኅሣሥ 3 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለረሂማ፣

ፈተናሽ ደህና እንዳለፈ አባትሽ ነግሮኛል፤ ደስ ብሎኛል። ጉልበቴ እንዳለ ነው። በረዶውን የምጠርገው ሰው አጥቼ አይደለም፤ ስጠርግ ሐሳቤ አንድ ቦታ ይቆምልኛል።

ደብዳቤሽን ሳነብ ሳቅ አመለጠኝ። በዚህ ቤት ሳቅ ከተሰማ ቆይቷል። ሞላልኝ ከላይ ሮጦ ወረደ።

«ምን ሆንሽ?»

«ሩቤን ሰባት ጊዜ ሞቷል» አልኩት።

ደንግጦ ጃኬቱን ፈለገ፤ ለቅሶ ሊሄድ። ካስረዳሁት በኋላ ደረጃው ላይ ቁጭ ብሎ ደብዳቤሽን ከመጀመሪያ እንዳነብለት ጠየቀኝ። ልጁ የጻፈውን ነገር ሲሰማ የመጀመሪያው ነው።

ስለ ጌሙ አመንኩሽ። የልጅ ጨዋታ ነው፤ ትንሽ የሚከብድ ጨዋታ። አንድ ነገር ግን ቀርቷል። አራት ገጽ ጽፈሽ ስለ ማተቡ አንድ ቃል የለበትም። ፊደል ሳስተምርሽ የሚከብድሽን መስመር ዘለሽ ቀጣዩን ጮክ ብለሽ ታነቢ ነበር። ጩኸትሽን ሰምቼ የዘለልሽውን አውቀው ነበር። አሁንም አውቃለሁ።

ባለፈው ሰኞ ሩቤንን ሻንጣ ከሚዞርበት ቦታ አገኘሁት፤ እዚያ እንደሚሠራ ታውቂያለሽ። መጥረጊያዬን ይዤ ፊቱ ቆምኩ።

«ሩቤን፣ አንተ የኢሹማ ሰው ነህ ወይ?»

«እትዬ፣ እኔ ዛሬ የራሴም ሰው አይደለሁም፤ ደብል ሺፍት ነኝ።»

«ማተብህን አሳየኝ።»

ኮሌታውን ገልጦ አሳየኝ። «ይኸው። እናቴ ያለዚህ እቤት አታስገባኝም።»

«የቴዎስ የት ሄደ?»

ሳቁ ጠፋ። መሬት መሬት አየ። «እትዬ ምሥራች፣ እሱን ረሂማን ቢጠይቋት ይሻላል» አለኝና ማንም ያልጠየቀውን ሻንጣ አንስቶ ሄደ።

ስለዚህ ጠየቅሁሽ። ለመናገር እንዲቀልልሽ የእኔን ልንገርሽ፤ ይህን ከአንቺ በቀር የሚያውቅ የለም። የዚያን ቀን ልጄን ባዶ አንገቱን ማስወሰድ አልቻልኩም። የራሴን ማተብ ፈትቼ አሰርኩለት። አርባ ዓመት አንገቴ ላይ የኖረ ነው፤ ክሩ ብቻ ነው የሚቀያየረው፣ መስቀሉ የእናቴ ነበር። እሱን ይዞ ሄደ። ከዚያ ቀን ወዲህ የእኔ አንገት ባዶ ነው። ቤተ ክርስቲያን ስሄድ ነጠላዬን እስከ አገጬ እጠቀልላለሁ። ሴቶቹ «ምሥራች ብርድ አስቸገራት» ይላሉ።

አዲስ ማሰር እችላለሁ፤ ክር እዚህም ይሸጣል። ግን የእሱ የት እንደገባ ሳላውቅ የእኔን አልተካም። እንዲህ ብዬ ወስኛለሁ፤ ከዚህ ውሳኔ የሚመልሰኝ የለም። ጥር 25 እየቀረበ ነው።

ምሥራች


ሃሊፋክስ
ዲሴምበር 27, 2023

እትዬ ምሥራች፣

ይህን ደብዳቤ ስድስት ጊዜ ጽፌ ቀድጃለሁ። አሁን አልቀድደውም።

ማተቡ እኔ ጋ ነው።

ቴዎ አልፈታውም። ከማረፉ በፊት ባለው ቀን ጠዋት እርስዎ ሥራ ላይ ነበሩ። ለምርመራ ወደ ትልቁ ማሽን ሊያስገቡት ነበር፤ ማሽኑ ብረት አይወድም፣ መስቀሉ መውጣት አለበት ተባለ። ነርሷ ጥሩ ሴት ነበረች። ቋጠሮውን ለመፍታት ብዙ ሞከረች፤ በጎተተችው ቁጥር ይጠብቃል። እኔም ሞከርኩ። ጊዜ አልነበረም። «መቁረጥ እችላለሁ?» ብላ ጠየቀችው። ቴዎ «እሺ፣ ግን ቋጠሮውን አትንኪው፤ በሌላው በኩል ቁረጪው» አላት። በመቀስ ቆረጠችው።

ከማሽኑ ሲወጣ «ረሂማ፣ እሰሪልኝ» አለኝ። እጄ ላይ ነበር። አልቻልኩም እትዬ። መስቀል ነው፣ እኔ ሙስሊም ነኝ፤ ኃጢአት ይሆን ይሆን ብዬ አሰብኩ፤ ደግሞ ቋጠሮውን አላውቀውም። ፊቴን አይቶ ሳቀ። «ተይው፤ ይህን ቋጠሮ የምታውቀው እማዬ ብቻ ናት። ከዚህ ስወጣ ታስርልኛለች። ዛሬ ግን አትንገሪያት፤ ተቆርጦ ካየች ሌላ ነገር ይመስላታል። እስከዚያ ያዢልኝ» አለኝ።

እርስዎ መጡ፤ እኔ ወጣሁ። በማግስቱ ጠዋት ተደወለልኝ።

በቀብሩ ቀን ኪሴ ውስጥ ነበር። አምስት እርምጃ ያህል ቀርቤዎት ነበር። «ልጅዎ እሰሪልኝ ብሎኝ እምቢ አልኩት» ብዬ እንዴት ልንገርዎት? ከዚያ ሃሊፋክስ መጣሁ፤ ሲደውሉ ስልኩን በፊቱ ደፍቼ አስቀምጠው ነበር። ለሩቤን ብቻ ነው የነገርኩት።

አሁን እኔ ራሴ ሆስፒታል ውስጥ ልምምድ ላይ ነኝ። አንገቱ ላይ ወይም እጁ ላይ ክር ያለው ሰው ሲመጣ ማን እንዳሰረለት እጠይቃለሁ። ሌሎቹ ለምን እንደምጠይቅ አያውቁም።

ይቅር ይበሉኝ። ባይሉኝም ይገባኛል። ማተቡን እልካለሁ፤ በፖስታ እንዳይጠፋ ግን ፈራሁ። እንዴት ልላከው? ደብተሩስ? ስለ ደብተሩ እስካሁን አልመለሱልኝም።

ረሂማ


ካልጋሪ
ጥር 5 ቀን 2016 ዓ.ም.

ልጄ ረሂማ፣

ሦስት ቀን ተቆጥቼሽ ነበር፤ ልደብቅሽ አልችልም። በመጀመሪያው ቀን አባትሽ በር ላይ ሰላም ሲለኝ አንገቴን ብቻ ነቀነቅሁለት። በሁለተኛው ቀን ሥራ ቦታ አንዱን መስኮት ደጋግሜ ስወለውል አለቃዬ «ምሥራች፣ መስታወቱ ሊያልቅ ነው» አለኝ። በሦስተኛው ቀን ደከመኝ። ሲደክመኝ አንድ ነገር ትዝ አለኝ።

ያን ቀን ከሥራ መጥቼ ስገባ ልጄ ብርድ ልብሱን እስከ አገጩ ስቦ ነበር። «ሞቋል እኮ» ብዬ ዝቅ ላደርግለት ስል በሁለት እጁ ያዘው። «በርዶኛል እማዬ።» ክፍሉ ግን ሞቃት ነበር። አሁን ገባኝ፤ ተቆርጦ እንዳላይ ነው። እሱ አንገቱን ከእኔ ደበቀ፣ እኔ አንገቴን ከሰው ደበቅሁ። ማን ከማን ተማረው?

ቋጠሮው የአባቴ ነው። አባቴ መርካቶ ጭነት መኪና ላይ ሸራ የሚያስር ሰው ነበር። ሲጎትቱት ይጠብቃል፤ ለመፍታት ወደ ውስጥ መግፋት ነው። ነርሷ በምን ታውቃለች? አንቺስ በምን ታውቂያለሽ? ያላስተማርኩሽን አልጠይቅሽም። ብታስሪለት ደስ ይለኝ ነበር። አለማሰርሽም ንቀት ሳይሆን ክብር ነው፤ የእሱንም የራስሽንም እምነት አክብረሽ ነው። ይቅር ብዬሻለሁ። ይህን መስመር ሁለት ጊዜ አንብቢው።

ልጄ አልፈታውም። ይህን ለሞላልኝ ነገርኩት። ሄዶ የመኪናውን በረዶ ጠረገ፣ ከዚያ የጎረቤቱንም ጠረገ።

አሁን ተራው የእኔ ነው። እኔም ዘልዬ ሳነብ ቆይቻለሁ።

ደብተሩ የለም፣ ረሂማ።

አርባው ካለፈ በኋላ ነው። ጥንቆላ ነው ብዬ ነበርና ልጄን ከዚያ ላወጣው አሰብኩ። ማቃጠል አልቻልኩም፤ የእጅ ጽሑፉ ነው። ስለዚህ የጥምቀትን ጠበል በባልዲ አድርጌ ደብተሩን ዘፈዘፍኩት። አገር ቤት ክፉ የተባለ ጽሑፍ እንዲህ ነበር የሚደረገው፤ ክፉው ይወጣል፣ ደጉ ይቀራል ይሉ ነበር። ሦስት ቀን ቤዝመንት ውስጥ አቆየሁት። የጻፈበትን ብዕር የሰጠነው እኛው ነን፤ ቀለም የሚሞላ፣ ውድ ብዕር። ስከፍተው ውሃው ሰማያዊ ሆኗል። ወረቀቱ ነጭ ሆኖ እንደ ራሰ ዳቦ ተጣብቋል። አንድ ቃል አልቀረም። ክፉውም ደጉም አብሮ ወጣ። ውሃውን ሰው በማይረግጥበት፣ ጓሮ ካለችው የፖም ዛፍ ሥር አፈሰስኩት። ጠጠሮቹን አብሬ ነበር የዘፈዘፍኳቸው፤ እነሱ ምንም አልሆኑም።

ባለፈው ሳምንት ለአባ ኪራኮስ ተናዘዝኩ። ሰሙኝና «ወይዘሮ ምሥራች፣ ልጁ ተረት ጻፈ እንጂ ምን አጠፋ? ጠበሉ የታዘዘው ጋኔን እንዲያወጣ ነው፤ ቀለም እንዲያወጣ ማን አዘዘው?» አሉኝ። ሊያስቁኝ ነው። አልሳቅሁም።

የልጄን የአምስት ዓመት ሥራ በገዛ እጄ አጠፋሁት። አንቺ የያዝሽውን አሥራ አንድ ወር ጠብቀሻል፤ እኔ ግን ጠባቂ ተብዬ አጠፋሁ። የሚያስታውሱት ካለ፣ አንቺም ሩቤንም ናሆሚም፣ ንገሩኝ። በአማርኛ እጽፈዋለሁ። ቀርፋፋ ነኝ፤ ጊዜ ግን አለኝ።

ማተቡን ተፈርሞ በሚወሰደው ፖስታ፣ በሪኮማንዴ ላኪው። ውጭ ብርዱ ከዜሮ በታች ሠላሳ አምስት ነው፤ ግን ፖስታ ቤት ድረስ በእግሬም ቢሆን እሄዳለሁ።

ምሥራች


ሃሊፋክስ
ጃንዋሪ 22, 2024

እትዬዬ፣

ደብዳቤዎን አውቶቡስ ውስጥ ነው ያነበብኩት። አለቀስኩ፤ ከዚያ ስለ ባልዲው ስደርስ ጮክ ብዬ ሳቅሁ። አጠገቤ የነበረው ሰውዬ ቦታ ቀየረ።

እትዬ፣ እርስዎ ያነበቡት የመጀመሪያዎቹን አሥራ ሁለት ገጾች ነው። አሥራ ሦስተኛው ላይ ሕግ አለ፤ እኔ በቃሌ አውቀዋለሁ፦ «ይህ መጽሐፍም እንግዳ ነው። ጊዜው ሲደርስ በውሃ ይሸኝ፤ ያለቀሰለት ሰው ይሸኘው።» ቴዎ ሁልጊዜ ከእኛ መካከል ማን እንደሚያደርገው ይጠይቀን ነበር። ማናችንም አናደርገውም ነበር። ፎቶኮፒ ልናደርገው ነበር ያሰብነው! ቢያይዎት ዋና ሸኚ አድርጎ ይሾምዎት ነበር። ስለዚህ አላጠፉትም። እርስዎም ይህን መስመር ሁለት ጊዜ ያንብቡት።

የመጨረሻው ገጽ ግን አልጠፋም። ያን ቀን ጠዋት፣ ከማሽኑ በፊት፣ ጽፎ በስልክ ፎቶውን ላከልኝ። «ቀጣዩ ሰሽን» ብሎ፤ የሚቀጥለው ጨዋታችን ማለቱ ነው። እኛ አልተጫወትነውም። ቴዎ ከሌለ ማን ያወራዋል? ወደ አማርኛ መልሼዋለሁ፤ አባዬ ረድቶኛል። አሁን ምን እንደምጽፍም ያውቃል።

«ሽማግሌው ሸኚ ወንዙ ዳር ደረሰ። ስድስቱን ቋጠሮ በሕይወቱ ውስጥ ፈትቷል፤ የቀረው አንድ ነው። የመጨረሻውን ቋጠሮ ማንም ለራሱ አይፈታም፤ የቋጠረው ሰው ነው የሚፈታው። የቋጠረችው ሴት ሩቅ ናት። ኢሹማን አታውቃትም፤ ብታውቃት ትጣላታለች። እናንተ ሦስታችሁ ሄዳችሁ ጥሯት። ትመጣ እንደሆነ፣ መጥታም ምን እንደምትል፣ እኔ አልጽፍም። ቦታውን ለእሷ ትቼዋለሁ።»

ማተቡ በትንሿ ከረጢት ውስጥ አለ። እንደሰጠኝ ነው፤ ቋጠሮውን አልነካሁትም።

ቅዳሜ ጥር 25 ልምምድ አለብኝ፤ አይለቁኝም። ለሩቤንና ለናሆሚ ነግሬያቸዋለሁ፤ ከተዝካሩ በኋላ እቤትዎ ይመጣሉ። በቪዲዮ ልግባ ብዬ ነበር፤ ግን ከእርስዎ እጅ ባነበው ይሻለኛል።

እትዬ፣ ሴትየዋ ምን ትላለች?

ልጅዎ ረሂማ


ካልጋሪ
ጥር 27 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጄ ለረሂማ፣

ፖስታው ማክሰኞ በእጄ ገባ፤ ፈርሜ ተቀበልኩ። በሰላም የደረሰውን ያህል ሰላም ይድረስሽ።

ከረጢቱን እስከ ቅዳሜ አልከፈትኩትም። ሞላልኝ «ለምን?» ሲለኝ «እንግዳ አለኝ» አልኩት።

ቅዳሜ ጠዋት ጸሎቱ ደረሰ። አባ ኪራኮስ «ወልደ ሚካኤል» ብለው ክርስትና ስሙን ሲጠሩ አሜን አልኩ። ድምፄ ከሌላው ሰው ከፍ ብሎ ወጣ መሰለኝ፤ ፊት የቆሙት ዞረው አዩኝ። ይዩኝ።

ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ያ ሁሉ ብርድ የለም። ከተራራው በኩል ቺኑክ መጥቷል። ከየጣሪያው ውሃ ይንጠባጠባል፤ ሰዉ ካፖርቱን በእጁ ይዞ ነው እቤት የገባው። አባትሽ ወንበር ሲያመላልስ ዋለ። ሰዉ በልቶ ሲሄድ ገና ከሰዓት ነበር። ሩቤንና ናሆሚ ቀሩ። ቤዝመንት፣ ፊደል በተማራችሁባት ጠረጴዛ፣ ተቀመጥን። ሞላልኝ ደረጃው ላይ ተቀመጠ፤ አልጫወትም ግን እሰማለሁ አለ።

ሩቤን የላክሽውን ገጽ አነበበ። ከዚያ «ደርሰን ጠራናት። ሴትየዋ ምን ታደርጋለች እትዬ?» አለኝ።

«መጣች» አልኩ። «ከሥራ ነው የመጣችው፤ ዩኒፎርሟን አልቀየረችም።»

ናሆሚ ሃያ ጎን ያለውን ጠጠር ገፋ አደረገችልኝ። «ቋጠሮው ከባድ ስለሆነ ከአሥራ አምስት በላይ መምጣት አለበት።»

«ልጄን በዕጣ አልሸኝም» አልኳት።

«እትዬ፣ ሕጉ እኮ ነው» አለ ሩቤን።

«ሕጉን ማን አወጣው?»

«ቴዎ።»

«እኔ ደግሞ የቴዎ እናት ነኝ።»

ሁለቱም ተያዩ። ናሆሚ ጠጠሩን ወደ ከረጢቱ መለሰች። ሩቤን ድምፁን እንደ ሽማግሌ አድርጎ «አንቺ ሴት፣ ኢሹማን ታውቂያታለሽ?» አለኝ። ሊያስቅ የጀመረው መሃሉ ላይ ተሰበረበት።

«አላውቃትም» አልኩት። «አንተን ግን አውቅሃለሁ።»

ከዚያ ከረጢቱን ከፈትኩ። ቋጠሮው እንዳሰርኩት ነበር። መስቀሏም አለች። ጣቴን አደረግሁና ወደ ውስጥ ገፋሁት። አንድ ዓመት ቆይቶ፣ ነርሷም አንቺም ያልቻላችሁት፣ በአንድ ግፊት ተፈታ። ክሩ ሁለት ቁራጭ ሆኖ መዳፌ ላይ ቀረ።

ውጭ ውሃው ሲንጠባጠብ ይሰማል።

ቆየት ብሎ ሩቤን «እንግዲህ ክሩ ወንዝ ውስጥ ይጣላል» አለ፤ ቀስ ብሎ።

«ይህችኛዋ ሴት አትጥልም» አልኩት። «ፈታችው፤ ሸኘችው፤ ወንዙ ዳር ድረስ ሄደች። ክሩ ግን የእሷ ነው፤ ይዛው ተመለሰች። ይህን ጻፉ።»

ናሆሚ ጻፈች። ሞላልኝ ከደረጃው ላይ «ሽማግሌው ከተሻገረ በኋላ ምን ይሆናል?» አለ።

«አልተጻፈም ጋሼ።»

«እንግዲያ አይጻፍ» አለና ተነስቶ ብርጭቆዎቹን ይሰበስብ ጀመር።

ልጆቹ ሲሄዱ ሁለቱን ቁራጭ በአባቴ ቋጠሮ አጋጠምኳቸው። መስቀሏን አስገባሁ። አንገቴ ላይ አድርጌ ከኋላ ሁለተኛውን ቋጠርኩት። የልጄ አንገት ከእኔ ስለሚወፍር በቃኝ። የእኔ ከእሱ ጋር ሄዷል፤ የእሱ ከእኔ ጋር ቀርቷል። ኢሹማ በዚህ ምን እንደምትል አላውቅም። የጠራችኝ እሷ አይደለችም።

ነፋሱ የጓሮውን በረዶ ጨርሶታል። የፖሟ ዛፍ ሥር መሬቱ ታየ። ሰማያዊ ነገር ቀርቶ እንደሆነ ብዬ ጎንበስ ብዬ አየሁ። ምንም የለም፤ ጥቁር አፈር ነው።

ለበጋ ዕረፍት ስትመጪ ጠረጴዛው አለ። ቋጠሮውን አሳይሻለሁ፤ ክር ባሰረ ሰው ሁሉ ላይ የእኛ ነገር እንዳይደርስ፣ መፍታቱንም ማሰሩንም ትማሪያለሽ። ለመማር ሃይማኖት አያስፈልግም፤ አባቴ ከእኔ በፊት ያስተማረው ሸምሱ የሚባል የስልጤ ልጅ ነበር።

ትናንት እሑድ ቅዳሴ ሄድኩ። ነጠላዬን ከአገጬ ዝቅ አድርጌ ገባሁ።

አስተማሪሽ
ምሥራች